ከጋላባት እስከ ሴን ወንዝ፦ የጎንደር ሥዕሎች በፓሪስ ሙዚየም

በ1924 ዓ.ም. ግንቦት፣ የክረምቱ ደመና መሰብሰብ በጀመረበት ሰሞን፣ ጥቂት ፈረንሳውያን ጋላባት ላይ ተቀምጠው የይለፍ ፈቃድ ይጠብቁ ነበር። ጋላባት የሱዳን የመጨረሻ መንደር ናት፤ ጠባቡን ወንዝ የተሻገረ ሰው መተማ ይገባል። ሰዎቹ ከሴኔጋሏ ዳካር ተነሥተው አህጉሩን ከምዕራብ ወደ ምሥራቅ ሲያቋርጡ ዓመት ሊሞላቸው ነው። እስከዚያ ድረስ ያለፉባቸው አገሮች በፈረንሳይ፣ በእንግሊዝ ወይም በቤልጅግ እጅ ያሉ ስለነበሩ የቅኝ ገዢ ደብዳቤ በር ይከፍትላቸው ነበር። በገዳሪፍ በኩል አድርገው ጋላባት ሲደርሱ ግን ነገሩ ተለወጠ። ከወንዙ ማዶ ያለው የራሱ ንጉሠ ነገሥት፣ የራሱ ሹምና የራሱ ጉምሩክ ያለው አገር ነው። ስለዚህ ጠበቁ።

ዛሬ የሚጠብቀው ሌላ ሰው ነው። እነዚያ ሰዎች ከጎንደር ይዘዋቸው የወጡት የቤተ ክርስቲያን ሥዕሎች ፓሪስ ውስጥ፣ ሴን ወንዝ ዳር፣ ከኤፍል ማማ ትንሽ የእግር መንገድ ርቆ በሚገኘው ኬ ብራንሊ ሙዚየም ይኖራሉ። ሊያያቸው የሚመኝ የጎንደር ወይም የመተማ ሰው ሰልፉን የሚጀምረው ከሙዚየሙ በር ሳይሆን ከቪዛ ቀጠሮ ነው። ፓሪስ የገባ ቱሪስት ግን ሰልፍ የሚያስቀር ትኬት ከነአስጎብኚው በስልኩ ገዝቶ በዚያው ቀን ይገባል። ይህ ዘገባ ስለዚያ ጉብኝት ነው፤ ትኬቱ በእውነት ምን እንደሚያስገኝ፣ አስጎብኚው ምን እንደሚያሳይና ምን ሳይናገር ሊያልፍ እንደሚችል።

ሰልፉ በዓለም ከታወቀው በሉቭር ሙዚየም እንጀምር። እ.ኤ.አ. በ2024 ሉቭርን የጎበኘው ሰው 8.7 ሚሊዮን ገደማ ነው። ይህን ሕዝብ ለማስተናገድ ሙዚየሙ መግቢያውን በሰዓት ከፋፍሎታል፤ ትኬት የሚገዛ ሰው ቀኑንም ሰዓቱንም አስቀድሞ ይመርጣል። እ.ኤ.አ. በ1989 በተመረቀው የመስታወት ፒራሚድ ፊት ለፊት የሚታየው ሰልፍም አንድ አይደለም። ትኬት የሌላቸው፣ ሰዓታቸው የደረሰና በአስጎብኚ የሚመሩ ቡድኖች ለየብቻ ይቆማሉ። ሰልፍ የሚያስቀር የተባለው ትኬት የሚያስቀረው የትኬት መግዣውን ሰልፍ ነው። ቦርሳ የሚፈተሽበትን ሰልፍ ግን ማንም አያልፈውም፤ በበዓል ሰሞን ረጅሙ ደግሞ እሱ ነው። ይህን ሳያውቁ ከፍ ያለ ገንዘብ ከፍለው በር ላይ ሲደርሱ የሚከፋቸው ብዙዎች ናቸው። የመግቢያው ዋጋም እየጨመረ ነው። ከአውሮፓ የኢኮኖሚ ቀጠና ውጭ ለሚመጣ ጎብኚ እ.ኤ.አ. ከ2026 መጀመሪያ አንሥቶ 32 ዩሮ እንዲሆን ተወስኗል።

ስለዚህ ከትኬቱ ይልቅ ዋጋ ያለው አስጎብኚው ነው። በፈረንሳይ በብሔራዊ ሙዚየሞች ውስጥ ቡድን መምራት ሙያ ነው፤ የሙያ ካርድ ይጠይቃል። አስጎብኚው በአንገቱ ባንጠለጠላት ማይክሮፎን ዝቅ ባለ ድምፅ ይናገራል፣ ቡድኑም በጆሮ ማዳመጫ ይሰማዋል። በሉቭር ከ30 ሺህ በላይ ሥራዎች ለእይታ ቀርበዋል። የሁለት ሰዓት ጉብኝት ከእነዚህ ሃያ ሠላሳውን ብቻ ያሳያል። ክንፋሟ የድል ሐውልት፣ ከዚያ ቬነስ፣ ከዚያ ሞና ሊዛ ናቸው። አስጎብኚው በእነዚያ ሁለት ሰዓታት ውስጥ ይመርጥልሃል፤ የመረጠልህ ዓይንህን፣ ያለፈልህ ደግሞ አለማወቅህን ይወስናል። ይህ ሥልጣን በየትኛውም ሙዚየም አለ። በኬ ብራንሊ ግን ለእኛ የተለየ ክብደት አለው።

ኬ ብራንሊ እ.ኤ.አ. በ2006 የተከፈተ ሙዚየም ነው። አርክቴክቱ ዣን ኑቬል ሕንፃውን በቀጫጭን ምሰሶዎች ላይ አንጠልጥሎ ከሥሩ የአትክልት ቦታ አበጅቶለታል፤ በመንገድ በኩል ያለው አንዱ ግድግዳ በሙሉ በሕያው ተክል የለበሰ ነው። የአፍሪካ፣ የእስያ፣ የኦሽንያና የአሜሪካ ቅርሶች ብቻ ይገኙበታል። ሰልፉ ከሉቭር ጋር አይወዳደርም፤ በአዘቦት ቀን ፈጥኖ የሚገባበት ሙዚየም ነው። ከመግቢያው አዳራሽ ነጭ ጠመዝማዛ መወጣጫ ይነሣል፤ በመስታወት ማማ ውስጥ የተከማቹ የሙዚቃ መሣሪያዎችን ዞሮ ወደ ላይ ያወጣል። ከላይ ሲደርሱ ብርሃኑ ደብዝዞ ይጠብቃል። ጨርቅና ቀለም በብርሃን ስለሚጎዱ እንዲህ መደረጉ ተገቢ ነው፤ ግን ጎብኚው የአፍሪካን ክፍል ጨለማ ውስጥ የሚኖር ዓለም አድርጎ እንዲያስበው የሚገፋፋ ድባብም ይፈጥራል፤ ይህን የተቹ የሥነ ጥበብ ጸሐፊዎች ጥቂት አይደሉም።

የጎንደሮቹ ሥዕሎች እዚህ፣ በአፍሪካው ክፍል፣ የራሳቸው ቦታ ተሰጥቷቸዋል። ከጭምብልና ከእንጨት ቅርጻ ቅርጽ መካከል አልፎ ለመጣ ሰው ድንገት የሚገጥሙት ትላልቅ ዓይኖች ያሏቸው ቅዱሳን ናቸው። የመጡት ከአባ እንጦንስ ቤተ ክርስቲያን ነው። ይህ ቤተ ክርስቲያን በ17ኛው መቶ ክፍለ ዘመን በነገሡት በቀዳማዊ ዐፄ ዮሐንስ ዘመን ጎንደር ላይ የተሠራ ነው። ስሙ የምንኩስና አባት ከሆኑት ከግብፃዊው ቅዱስ እንጦንስ የተወሰደ ነው።

እዚህ ላይ የሚቆም አስጎብኚ ሊናገረው የሚገባ ብዙ ነገር አለ። በጎንደር ዘመን ሠዓሊዎች በአብዛኛው በቀጥታ ግድግዳው ላይ አልሣሉም። የጥጥ ጨርቁን በግድግዳው ላይ ለጥፈው፣ ነጭ መደብ ቀብተው፣ በዚያ ላይ ሣሉ። ጨርቅ ስለሆነም ሊላጥ፣ ሊጠቀለልና ሊጫን ቻለ። ሥዕሎቹ የተሣሉትም በቤተ ክርስቲያን ውስጥ ለሚዞር ሰው ነው። ካህናቱ ከሚዘምሩበት ከቅኔ ማኅሌት አንሥቶ ምእመናን እስከሚቆርቡበት እስከ ቅድስት፣ ከዚያም ታቦቱ እስከሚኖርበት እስከ መቅደስ ድረስ ቦታው ደረጃ አለው፤ ሥዕሉም ይህን ደረጃ ይከተላል። የመቅደሱን በሮች ሰይፍ የመዘዙ ሊቃነ መላእክት ይጠብቁታል፤ በፈረስ የተቀመጡት ሰማዕታት፣ ምስለ ፍቁር ወልዳ፣ ስቅለቱ፣ እያንዳንዳቸው ልማድ ያጸናው ቦታ አላቸው። ጻድቁ በሁለት ዓይኑ ፊት ለፊት ይመለከታል፤ ክፉው በጎን ይሣላል፣ አንድ ዓይኑም ብቻ ይታያል። ማንበብ የማይችል ምእመን ሥዕሉን በእግሩ እየዞረ ያነበው ነበር። ካህኑ በዘንግ እየጠቆመ ገድሉን ያስረዳዋል። በአገራችን የሥዕል ጉብኝት ከነአስጎብኚው የጀመረው ሙዚየም ከመሠራቱ ከብዙ መቶ ዓመታት በፊት ነው ብል ማጋነን አይመስለኝም።

ፓሪስ ላይ ያ ቅደም ተከተል የለም። ሥዕሉ አለ፤ መቅደሱ ግን ጎድሏል። ሙዚየሙ የቱንም ያህል ቢጠነቀቅ ይህን ሊመልሰው አይችልም፤ ጥሩ አስጎብኚ ግን በቃል ሊያሳየው ይችላል።

አሁን ወደ ጋላባቱ ጉዞ እንመለስ። የቡድኑ መሪ ማርሴል ግሪዮል ይባላል፤ አማርኛ ያጠና፣ ከዚያ በፊትም ወደ ጎጃም መጥቶ የነበረ ወጣት ምሁር ነው። ጉዞው የዳካር–ጅቡቲ ተልእኮ ተብሎ ይታወቃል። የፈረንሳይ ፓርላማ እ.ኤ.አ. በመጋቢት 1931 በልዩ ሕግ ገንዘብ መድቦለታል፤ ለተጨማሪ ወጪ ደግሞ ፓሪስ ላይ ታዋቂው የፓናማ ቦክሰኛ አል ብራውን የተጋጠመበት የገንዘብ ማሰባሰቢያ ምሽት ተዘጋጅቶለታል። ዓላማው ለፓሪሱ የኢትኖግራፊ ሙዚየም ዕቃ መሰብሰብ ነበር። የጉዞው ጸሐፊ ሚሼል ሌሪስ ገጣሚ ነው። በየቀኑ የጻፈውን ማስታወሻ እ.ኤ.አ. በ1934 አሳተመው። በዚያ መጽሐፍ ውስጥ ቡድኑ በዛሬይቱ ማሊ መንደሮች ቅዱሳት ዕቃዎችን በማስፈራራትና በመስረቅ ጭምር እንደወሰደ ሳይደብቅ ጽፏል። ግሪዮል በመጽሐፉ ተቆጣ፤ ሁለቱም ተቃቃሩ። ዛሬ ስለ ተልእኮው እውነቱን የምናውቀው በአብዛኛው ከዚያ ማስታወሻ ነው።

ፈቃዱ ሲገኝ ቡድኑ ወንዙን ተሻገረ። ከመተማ ጎንደር 200 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው፤ በክረምት መግቢያ፣ በበቅሎ፣ ከቆላው ወደ ደጋው እየወጡ ወር የሚያህል ጊዜ ፈጀባቸው። ሰኔ 1924 ዓ.ም. መጨረሻ ላይ ጎንደር ገቡ። ያረፉት በጣልያን ቆንስላ ግቢ ነው። እስከ ኅዳር 1925 ዓ.ም. ድረስ እዚያው ቆዩ። ሌሪስ የዛር ቤቶችን እያየ የባለ ዛሮቹን ሥርዓት መዘገበ። ግሪዮልና ባልደረቦቹ የብራና መጻሕፍትን፣ የክታብ ጥቅሎችንና ሥዕሎችን ገዙ፣ ሰበሰቡ። ከፈረንሳይ የመጣው ሠዓሊ ጋስቶን-ሉዊ ሩ ደግሞ የአባ እንጦንስን ሥዕሎች አስመስሎ ሣለ። አሮጌዎቹ ሥዕሎች ከግድግዳው ተላጥተው ተነሡ፤ በቦታቸው የሩ ቅጂዎች ተለጠፉ። በቡድኑ አነጋገር ይህ ስምምነት ነበር፤ አሮጌውን ወስዶ አዲስ መተካት። ሥራው ግን ከከተማው ሰዎችና ከሹማምንቱ ጋር ውዝግብ አስነሥቶባቸዋል። በመጨረሻ በኤርትራ በኩል አድርገው ወጡ። ተልእኮው በአጠቃላይ ከ3 ሺህ 500 በላይ ዕቃዎችንና 370 ያህል የብራና ጽሑፎችን ይዞ ተመለሰ፤ የብራናዎቹ አብዛኞቹ የእኛ ናቸው። ዛሬ በፈረንሳይ ብሔራዊ ቤተ መጻሕፍት በግሪዮል ስም ተመዝግበው ይገኛሉ።

ግሪዮልን ሌባ ብቻ ብሎ መዝጋት ቀላል ነበር። ታሪኩ ግን እንዲያ አይደለም። ጣልያን አገራችንን ስትወር ግሪዮል ከኢትዮጵያ ጎን ቆሞ በጄኔቭ ለኢትዮጵያ ልዑካን በአማካሪነት ሠርቷል። አገሪቱን ይወዳት ነበር። ይህ ፍቅር ግን የጎንደርን ቅርስ ከመውሰድ አላገደውም፤ የወሰደው ያው ሰው ነው። ሁለቱም እውነት ናቸው፣ አስጎብኚው ሁለቱንም መናገር አለበት።

ጎንደር ቅርሷን ስታጣ ይህ የመጀመሪያዋ አልነበረም። በጥር 1880 ዓ.ም. የሱዳን መሐዲስቶች ጦር በዚሁ በጋላባትና በመተማ በኩል መጥቶ፣ ሣር ውኃ ላይ የጎጃሙን ንጉሥ ተክለ ሃይማኖትን ድል አድርጎ፣ ከተማዋን ዘረፈ፤ አብያተ ክርስቲያናቷንም አቃጠለ። በዓመቱ መጋቢት 1 ቀን 1881 ዓ.ም. ዐፄ ዮሐንስ አራተኛ መተማ ላይ ተዋግተው ቆሰሉ፤ ሕይወታቸውም አለፈ። ከቃጠሎው የተረፈ ሥዕል ሁሉ ከዚያ ወዲህ ዋጋው ስንት እጥፍ እንደሆነ አስቡት። የአባ እንጦንስ ሥዕሎች የተነሡት ከዚያ ጥፋት 44 ዓመት በኋላ፣ ጎንደር ገና ሳታገግም ነው።

በዚሁ ድንበር ስደተኞችም አልፈዋል። በገዳሪፍ ግዛት፣ ከኢትዮጵያ ድንበር 70 ኪሎ ሜትር ያህል ገባ ብሎ ኡም ራኩባ የተባለች የስደተኞች መጠለያ አለች። በ1977 ዓ.ም. ረሃብ ጊዜ ከጎንደርና ከትግራይ የተሰደዱ በሺዎች የሚቆጠሩ ኢትዮጵያውያን እዚያ ሰፍረው ነበር። ከእነሱ መካከል ቤተ እስራኤላውያን ነበሩ። ብዙዎቹ በበሽታና በረሃብ እዚያው አለቁ፤ የተረፉት ደግሞ ከኅዳር 1977 ዓ.ም. ጀምሮ ለሳምንታት በሌሊት በምሥጢር ወደ እስራኤል ተወሰዱ። ኢየሩሳሌም ሄርጽል ተራራ ላይ በመንገድ ለሞቱት 4 ሺህ ያህል ሰዎች መታሰቢያ ቆሟል፤ እዚያ አስጎብኚ ይዞ የሚሄድ ሰው የጎጆዎችን ቅርጽ በድንጋይ ያያል፣ ታሪኩንም ይሰማል። ኡም ራኩባ ራሷ ግን በኅዳር 2013 ዓ.ም. ከትግራይ ጦርነት ለሸሹ እንደገና ተከፈተች። በአንድ ትውልድ ዕድሜ ውስጥ ያው ሜዳ ሁለት ጊዜ ስደተኛ ተቀበለ። የገዳሪፍ ገበሬዎችና የመንደሩ ሰዎች ያላቸውን ምግብና ልብስ አካፍለዋል፤ ይህ ሊረሳ አይገባም። ሚያዝያ 2015 ዓ.ም. ሱዳን ራሷ ጦርነት ውስጥ ስትገባ ደግሞ ጉዞው ተገለበጠ፤ ሱዳናውያን በጋላባት ወደ መተማ ተሻገሩ።

በዚያ ጦርነት የካርቱም ብሔራዊ ሙዚየም ተዘርፏል። ይህን ሙዚየም የማነሣው ስለ አባ እንጦንስ የሚነገረውን፣ ሥዕሎቹ መወሰዳቸው ከጥፋት አድኗቸዋል የሚለውን ክርክር ለመመርመር ስለሚጠቅም ነው። በ1950ዎቹ ዓ.ም. (እ.ኤ.አ. ከ1961 እስከ 1964) የአስዋን ግድብ ውኃ የጥንቱን የኑብያ ካቴድራል ፋራስን ሊያሰጥመው ሲል፣ የፖላንድ የአርኪዮሎጂ ባለሙያዎች ከግድግዳው ከመቶ በላይ ክርስቲያናዊ ሥዕሎችን ላጥተው አወጡ። እነሱም እንደ ግሪዮል ሥዕል ላጡ። ልዩነቱ ግን ትልቅ ነው። ያነሡት ቤተ ክርስቲያኑ በእርግጥ ሊጠፋ ስለነበር፣ ከሱዳን መንግሥት ጋር በግልጽ በተደረገ ስምምነት ነው፤ ሥዕሎቹም ለካርቱምና ለዋርሶ ተከፈሉ። አባ እንጦንስን የሚያሰጥም ውኃ አልነበረም። ጎንደርም ድርሻ አልደረሳትም፤ የደረሳት ቅጂ ነው።

ካርቱም መዘረፉን አይተው "ቅርሱ አውሮፓ መቅረቱ ደግ ነበር" የሚሉ አሉ። ክርክሩ አያሳምነኝም። ጥቅምት 9 ቀን 2018 ዓ.ም. በእሑድ ጠዋት፣ ጎብኚ ባለበት ሰዓት፣ ሌቦች ሉቭር በመስኮት ገብተው የፈረንሳይን የዘውድ ጌጦች በደቂቃዎች ውስጥ ይዘው ወጥተዋል። የትም ቦታ ቢሆን የቅርስ ደኅንነት በጥበቃና በሰላም የሚመጣ ነገር ነው። ሥዕሉ ፓሪስ ስላለ የጎንደር መብት አይቀንስም።

በፈረንሳይ በኩል ነገሩ መንቀሳቀሱን መካድ አይገባም። እ.ኤ.አ. በ2018 ሁለት ምሁራን፣ ሴኔጋላዊው ፈልዊን ሳርና ፈረንሳዊቷ ቤኔዲክት ሳቯ፣ ለፕሬዚዳንት ማክሮን ባቀረቡት ሪፖርት ከቅኝ ግዛት ዘመን የተወሰዱ ቅርሶች እንዲመለሱ መክረዋል። በኬ ብራንሊ ከኢትዮጵያ የመጡ ዕቃዎች ከ3 ሺህ እንደሚበልጡም በዚያው ሪፖርት ተመዝግቧል። እ.ኤ.አ. በ2020 የወጣ ሕግ ለቤኒን 26 ዕቃዎችን መለሰ። ኬ ብራንሊም እ.ኤ.አ. በ2025 ከሚያዝያ እስከ መስከረም ስለ ዳካር–ጅቡቲ ተልእኮ ራሱን የመረመረ ኤግዚቢሽን ከአፍሪካ ተመራማሪዎች ጋር አዘጋጅቶ ነበር፤ ዕቃው እንዴት ተገኘ የሚለው ጥያቄ በግድግዳው ላይ ተጽፎ ታየ። ይህ ጥሩ ጅምር ነው። ነገር ግን ኤግዚቢሽን ይዘጋል፣ ሥዕሎቹ ግን እዚያው ናቸው፤ በየቀኑ የሚመጣው ጎብኚ የሚያገኘው አስጎብኚውን ነው።

ቅርሱ እስኪመለስ ድረስ ሦስት ነገሮች ዛሬውኑ ሊሠሩ ይችላሉ ብዬ አምናለሁ። የመጀመሪያው ለጎንደር ዩኒቨርሲቲና ለቅርስ ባለሥልጣን የሚቀርብ ነው። የአባ እንጦንስን ሥዕሎች በሙሉ መጠናቸውና በከፍተኛ ጥራት አስነሥቶ ጎንደር ላይ ማሳየት፣ የግሪዮልን ብራናዎችም በዲጂታል ቅጂ ለተማሪዎች ማቅረብ። ይህን ለመጠየቅ ሕግ እስኪወጣ መጠበቅ አያስፈልግም። ሁለተኛው በፓሪስና በአካባቢው ላሉ ኢትዮጵያውያን ነው። በፈረንሳይ የአስጎብኚነት ካርድ ማውጣት የሚቻል ሙያ ነውና፣ ልጆቻችን ይህን ሙያ ይያዙት። የአባ እንጦንስን ሥዕል በግዕዝና በአማርኛ ስሙ የሚያስረዳ ሰው በዚያ አዳራሽ መኖር አለበት። ሦስተኛው ለጎንደር አስጎብኚዎች ነው። ፋሲል ግንብን፣ ደብረ ብርሃን ሥላሴን ስታስጎበኙ የአባ እንጦንስን ታሪክ ጨምሩበት፤ ከከተማዋ ሥዕሎች የተወሰኑት የት እንዳሉ ቱሪስቱ አውቆ ይሂድ።

ፓሪስ የምትኖሩ፣ ወይም በሥራም በጉብኝትም የምትመጡ ወገኖች፣ ኬ ብራንሊ ሰኞ ዝግ ነው፤ የወሩ የመጀመሪያ እሑድ የመግቢያ ክፍያ የለውም። ልጆቻችሁን ይዛችሁ ሂዱ። ወደ አፍሪካው ክፍል ውጡ፣ ከቅዱሳኑ ፊት ቁሙ፣ ለልጆቹ የሥዕሉን ሥርዓት ንገሯቸው። ከአስጎብኚ ጋር ከሆናችሁ ደግሞ ጥያቄ ጠይቁ፦ ሥዕሎቹ ከማን ግድግዳ ተላጡ? በምን ስምምነት? የወሰዷቸው ሰዎችስ ወደ ጎንደር በየትኛው መንገድ መጡ? ጋላባትንና ገዳሪፍን የማያነሣ መልስ ከሰጣችሁ፣ እናንተ ንገሩት፤ ቡድኑ በጆሮ ማዳመጫው ይስማው።